ሪሞቱ በማን እጅ ነው? ፍቅርና ወጣትነት በቤንጋሊ የቴሌቪዥን ድራማ



አዘጋጆቹ «ስለ ውጭ አገር ተከታታይ ድራማ ንግግር አድርግልን» ብለው ሲጋብዙኝ በልባቸው ያሰቡት የቱርኩን እንደነበር ገምቻለሁ። ስለ ቱርኩ ግን ከእናንተ የበለጠ የማውቀው ነገር የለም። ቃና ቴሌቪዥን በ2016 ሥርጭት ከጀመረ ወዲህ ኢስታንቡል ከቦሌ የቀረበች ሰፈር ሆናለች። (ዛሬ የምጠራቸው ዓመቶች ሁሉ በፈረንጆቹ አቆጣጠር ናቸው፤ በኋላ እንዳንጣላ።) የሕንዱንም ዚ ዓለም አማርኛ እያናገረ ሳሎናችን አስገብቶታል። ስለዚህ ፈቃዳችሁ ከሆነ፣ ብዙዎቻችን ወዳልገባንበት ቤት ልውሰዳችሁ፤ ወደ ቤንጋል።

ርእሴ የቤንጋሊ ድራማ ወጣቶችን እንዴት ያፋቅራል የሚል ነው። ማን ያገናኛቸዋል? ማን ይለያያቸዋል? ለምንስ በአንዱ ከተማ ሁልጊዜ ይጋባሉ፣ በሌላው ሁልጊዜ ይለያያሉ? መጀመሪያ የድሮውን ዳካ፣ ቀጥሎ ኮልካታን፣ ከዚያ የዛሬውን ዳካ እናያለን። መካከሉ ላይ ረዘም ብዬ ብቆይ ታገሡኝ፤ ወሬው ያለው እዚያ ነው።

ቤንጋሊ ከ200 ሚሊዮን በላይ ሕዝብ አፉን የፈታበት ቋንቋ ነው። ሕዝቡ ግን በሁለት አገር ተከፍሎ ይኖራል። በ1947 ሕንድ ስትከፈል ምዕራብ ቤንጋል ከነኮልካታ ለሕንድ ቀረ፤ ምሥራቁ ከነዳካ የፓኪስታን ሆነ፤ እሱም በ1971 ባንግላዴሽ ተብሎ ነጻ ወጣ። ቋንቋቸው አንድ ነው። ሩዝና ዓሣቸው አንድ ነው። በቴሌቪዥን የሚያሳዩን ፍቅር ግን ግልብጥ ነው፤ የኮልካታው ድራማ መጀመሪያ ያጋባና ከዚያ ያፋቅራል፤ የዳካው መጀመሪያ ያፋቅርና ከዚያ አያጋባም።

ይህን የሰማ ሰው ቶሎ ወደ ሃይማኖት ይሮጣል፤ ወዲያ የሚበዛው ሂንዱ፣ ወዲህ የሚበዛው ሙስሊም ስለሆነ ነው ይላል። ሃይማኖት ድርሻ የለውም አልልም። እኔ ግን ሌላ ጥያቄ ይዤ መጥቻለሁ፤ ሪሞቱ በማን እጅ ነው? ድራማውን ማን ከማን ጋር ተቀምጦ ያየዋል? ስንት ደቂቃ? ስንት ቀን? በማን ገንዘብ? የሁለቱ ወጣቶች ዕጣ የሚወሰነው እዚያ ነው ባይ ነኝ። ይህን ነገር ዛሬ ደጋግሜ እላለሁ፤ አትሰልቹኝ።

እንግዲህ ከድሮው ዳካ እንጀምር።

የዳካ ቴሌቪዥን ሥራ የጀመረው በ1964 መጨረሻ ነው። ከዚያ ከሠላሳ ዓመት በላይ አገሩን በሙሉ ይዞ የቆየው አንድ የመንግሥት ጣቢያ ነው። አንድ ጣቢያ ብቻ የነበረበትን ዘመን እዚህ አዳራሽ ውስጥ የሚያስታውስ አይጠፋም፤ እኛም አሳልፈነዋል። ማታ ድራማ ሲጀምር አባት ወንበሩ ላይ፣ እናት ጎኑ፣ ልጆች ምንጣፍ ላይ፣ ቴሌቪዥን የሌለው ጎረቤት በር ላይ። ሪሞት እንኳ አልነበረም፤ ቢኖርም በአባት እጅ ነበር የሚሆነው። እንዲህ ባለ ቤት ውስጥ የሚታይ ፍቅር አባት ጉሮሮውን ሳይጠራርግ ሊያየው የሚችል መሆን አለበት።

ይህን ጥበብ ከጫፍ ያደረሰው ሁማዩን አህመድ ነው። በዳካ ዩኒቨርሲቲ የኬሚስትሪ መምህር ነበር፤ ዶክትሬቱንም የሠራው አሜሪካ ሄዶ በዚያው በኬሚስትሪ ነው። በኋላ ማስተማሩን ትቶ ድርሰትን ሙሉ ሥራው አደረገ። በ2012 ሲያርፍ አገሩ ሁሉ አልቅሶለታል። ድራማዎቹ ውስጥ ሰዎች ስለ ሻይ፣ ስለ ዝናብ፣ ስለ መብራት መጥፋት ያወራሉ፤ ተመልካቹ ግን ማን ማንን እንደሚወድ ከሻይው አቀራረብ ያውቃል።

ከሥራዎቹ አንዱን ቀረብ ብለን እንየው። «ኮታኦ ኬኡ ነይ» ይባላል፤ «የትም ማንም የለም» ብንለው ያስኬዳል። በ1992 እና 1993 የታየ ተከታታይ ነው። ባከር የሰፈር ጉልበተኛ ነው። ጥቁር መነጽር ያደርጋል፣ ጣቱ ላይ ሰንሰለት ያሽከረክራል፣ ከሁለት ሎሌዎቹ ጋር ሻይ ቤት በር ላይ ይውላል። እንዲህ ያለ ሰው በየሰፈራችን አለ፤ እናቶች «ከሱ ጋር እንዳላይህ» የሚሉት ዓይነት፣ ሌባ ሲመጣ ግን መጀመሪያ የሚጠሩት። ሙና ደግሞ ወላጆቿን በልጅነቷ አጥታ አጎቷ ቤት ያደገች፣ ቢሮ የምትሠራ፣ ቆፍጣና ልጅ ናት። እጮኛም አላት። ባከር ይወዳታል፤ አይነግራትም። ሙና ታውቃለች፤ አትናገርም። መንገድ ላይ ሲገናኙ የሚያወሩት ስለ አጎቷ ጤና ነው።

ነገሩ እየከፋ ይሄዳል። ባከር ሰፈሩ ውስጥ በድብቅ የሚካሄድ የሴቶች ንግድ ላይ ይነሣል፤ ጠላቶቹ ባልሠራው ግድያ ይከሱታል፤ ከሎሌዎቹ አንዱ ፈርቶ በሐሰት ይመሰክርበታል፤ ሞት ይፈረድበታል። ይህን ጊዜ በዳካም በሌሎች ከተሞችም ሰው ባከር እንዳይሰቀል ብሎ ሰልፍ ወጣ። እውነተኛ ሰልፍ፤ መፈክር ይዞ፣ መንገድ ሞልቶ፣ በልብ ወለድ ሰው ስም። ደራሲው አልራራም፤ ባከር ተሰቀለ። ሬሳውን ንጋት ላይ ከእስር ቤቱ ደጅ የምትረከበው ሙና ናት። ዘመድ አይደለችም፣ ሚስት አይደለችም፤ ለሕግ የምትሰጠው የዝምድና ስም የላትም፤ ሌላ የመጣ ሰው ግን የለም። አንድም ጊዜ «እወድሃለሁ» ሳትል ያን ሁሉ ተመልካች አስለቀሰች። ባከርን የተጫወተው አሳዱዛማን ኑር በ2014 የባህል ሚኒስትር ሆኖ ተሾመ፤ ለብዙው ሰው ግን ያው ባከር ነው።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ያዙልኝ። ባከርና ሙና ብቻቸውን የሚሆኑበት ክፍል የላቸውም። መንገድ፣ ደጃፍ፣ የሰው ዓይን ብቻ። የድራማው ጉልበት የመጣው ከዚህ እጦት ነው፤ አባት ሳሎን ውስጥ ስለተቀመጠ ፍቅሩ በጎን መውጫ መፈለግ ነበረበት። የነጻነት ማነስ ለሥነ ጥበብ ይበጃል ማለቴ አይደለም፤ እንዲያ የሚል ሰው ሲያጋጥመኝ እጠረጥረዋለሁ። በዚያ ቤት ውስጥ ግን ይህ ደራሲ ያገኘው መውጫ ይህ ነበር።

አሁን ድንበሩን እንሻገር፤ ኮልካታ።

በኮልካታ የግል ጣቢያዎች ዘመን የጀመረው በ1990ዎቹ ማብቂያ ላይ ነው። ዛሬ ዚ ባንግላ የሚባለው በ1999 መጣ፤ ስታር ጃልሻ በ2008 ተከተለ። ድራማውም የየዕለት ሆነ፤ ግማሽ ሰዓት፣ ማታ ማታ፣ ለወራት፣ ሲቀና ለዓመታት። «ሜጋ ሲሪያል» ይሉታል። ሐሙስ ሐሙስ የተመልካች ቆጠራ ይወጣል። ቁጥሩ ከወረደ ሲሪያሉ ሰዓቱ ይቀየራል፤ አሁንም ከወረደ በጥቂት ወራት ውስጥ ይዘጋል። ቀረጻው ከሥርጭቱ ብዙም አይቀድምም፤ በ2018 ነሐሴ ተዋንያኑ በክፍያ ጉዳይ ሥራ ሲያቆሙ ጣቢያዎቹ ወዲያው የድሮ ክፍል መድገም ጀመሩ።

ሪሞቱስ? ማታ ላይ ሪሞቱ በእናት እጅ ነው፤ ወይም በአማት። አጠገባቸው ምራት፣ አክስት፣ የምትማር ልጅ አሉ። አሁን ራሳችሁን በደራሲዋ ቦታ አስቀምጡ። ሁለት ወጣቶችን ማፋቀር አለባችሁ፤ ለስምንት መቶ ክፍል። በመጀመሪያው ወር ተዋደው ቢጋቡ ታሪኩ አለቀ። ሦስት ዓመት ሙሉ ካፌ ለካፌ ቢዞሩ ደግሞ ሪሞቱን የያዘችው እናት «ይቺ ልጅ ቤት የላትም?» ብላ ጣቢያ ትቀይራለች። ምን ይሻላል? ሳይዋደዱ ማጋባት! ከተጋቡ በኋላ አንድ ጣራ ሥር ናቸው፣ የሚያማ የለም፣ ጊዜ ደግሞ በሽ ነው። እሱ ሶፋ ላይ ይተኛል፣ እሷ አልጋ ላይ፤ መጋረጃው ይወዛወዛል፤ ይጣላሉ፤ ሲጣሉ ይዋደዳሉ። በኮልካታ ሲሪያል ጋብቻ ማለት ሁለት ወጣቶች አንድ ክፍል ውስጥ እንዲታዩ የሚሰጥ ፈቃድ ነው።

ለዚህ ነው የሠርግ ትዕይንት እንዲህ የሚረዝመው። በቤንጋሊ ሂንዱዎች ሠርግ ሙሽራዋ በእንጨት በርጩማ ላይ ትቀመጣለች፤ ወንድሞቿና ዘመዶቿ ከነበርጩማዋ ተሸክመው ሙሽራውን ሰባት ጊዜ ያዞሯታል። እስከዚያ ፊቷን በሁለት ቅጠል ጋርዳለች። ሰባተኛው ዙር ሲያልቅ ቅጠሎቹን ዝቅ ታደርጋለች፤ የሁለቱ ዓይን የሚገጣጠመው ያኔ ነው። ይህ ሥርዓት እውነተኛ ነው፤ እጅግም ያምራል። ሲሪያሉ የሚያደርገውን ግን እዩ። ቅጠሉ ዝቅ ሲል ከሥሩ የምትወጣው ሌላ ልጅ ናት! የታጨችው ኮብልላለች፤ ለሠርጉ የተመረጠው መልካም ሰዓት ሊያልፍ ነው፤ ያልተጠበቀችው ድሃ ልጅ ተቀምጣለች። ካሜራው የሙሽራውን ፊት ሦስት ጊዜ፣ የእናቱን ፊት ሦስት ጊዜ፣ የአክስቱን ፊት ሦስት ጊዜ ያሳያል፤ ነጎድጓድ ይሰማል፤ «ይቀጥላል»። ሌላ ቀን ደግሞ ያገባች ሴት የፀጉሯ መሐል ላይ የምትቀባው ቀይ ዱቄት፣ ሲንዱር፣ ሳህኑ ተገልብጦ ልጅቷ አናት ላይ ይፈሳል፤ አለቀ፣ ሚስት ሆነች። እዚህ ላይ መሳቅ ይፈቀዳል፤ ኮልካታዎቹም ይስቃሉ።

ሁሉም ግን ለሳቅ አይደለም። ከ2011 ጀምሮ ስታር ጃልሻ ላይ የታየውን «ኢሽቲ ኩቱም» ውሰዱ፤ ደራሲዋ ሊና ጋንጎፓድያይ ናት። ባሃ የሳንታል ብሔረሰብ ልጅ ናት፣ ከገጠር። አርቺ ከኮልካታ ለሥራ የመጣ ጋዜጠኛ ነው። ዝናብ አንድ ጎጆ ውስጥ ያስጠልላቸዋል፤ የመንደሩ ሰው ያገኛቸዋል፤ አስገድዶ ያጋባቸዋል። እሱ ከተማ ውስጥ የሚወዳት ሌላ አለችው። ባሃን ወደ ቤቱ ይዟት ይመለሳል፤ ሚስቴ ናት ብሎ ግን አይናገርም፤ የቤት ሠራተኛ ሆና ትገባለች። አስቡት፤ በሕግና በሥርዓት ያገባት ሰው በሚበላበት ገበታ ዙሪያ ሳህን ታነሣለች። ይህ ታሪክ ስለ መደብ፣ ስለ ብሔረሰብ፣ ስለ ከተሜ ንቀት ብዙ የሚናገረው ነበረው፤ የመጀመሪያዎቹ ወራትም ተናግሯል። ከዚያ ሐሙስ ሐሙስ ቆጠራው መጣ።

የምቃወመውንም ልናገር። ከ2013 እስከ 2016 በታየው «ቦጄና ሼ ቦጄና» ውስጥ ጀግናው አራንያ ሀብታም፣ ኩሩና ቁጡ ነው፤ ፓኺ የምትባለው ልጅ ደግሞ ደስተኛና ልበ ቀና። የሂንዲ ድራማ በቤንጋሊ እንደገና የተሠራበት ነው። ይጮኽባታል፣ ያዋርዳታል፣ ክንዷን ይይዛል፤ ሙዚቃው ደግሞ «ይህ ፍቅር ነው» ይለናል። አንድ ጊዜ ቢሆን የሰውየው ጠባይ ነው ብለን እናልፈዋለን። ሲሪያል በሲሪያል፣ ማታ በማታ ሲደገም ግን ልጅቷ ሳሎን ውስጥ የምትማረው ቁጣ የተደበቀ ፍቅር እንደሆነ ነው፤ ታግሣ ከቆየች እንደሚለወጥ ነው። እኛም ቤት የገቡት ድራማዎች ከዚህ ነጻ አይደሉም፤ እናንተው ታውቃላችሁ።

የዚህች የፓኺ ነገር ግን ድንበር ተሻገረ። የኮልካታ ጣቢያዎች በባንግላዴሽ በኬብል ይታያሉ፤ የዳካዎቹ ጣቢያዎች ሕንድ ውስጥ እምብዛም አይታዩም፤ ይህ ራሱ የቆየ ቅሬታ ነው። በ2014 ለኢድ ገበያ «የፓኺ ቀሚስ» የሚባል ልብስ መጣና የባንግላዴሽ ሴት ልጆች ሁሉ እሱን ፈለጉ። ቀሚሱ አልተገዛልንም ብለው ሕይወታቸውን ያጠፉ ልጆች እንዳሉ ጋዜጦች ጻፉ። ነገሩ ፍርድ ቤት ደረሰ፤ ሦስት የሕንድ ጣቢያዎች ይታገዱ የሚል አቤቱታ ለከፍተኛው ፍርድ ቤት ቀረበ። ፍርድ ቤቱ በ2017 መጀመሪያ ውድቅ አደረገው። እኔም ዳኛ ብሆን ውድቅ አደርገው ነበር፤ ለልጆቹ ሞት የኢድ ቀሚስ መግዣ ያጣውን ቤት ትቶ ጣቢያን መክሰስ ቀላሉ መንገድ ነው።

ፍትሐዊ ለመሆን፣ ኮልካታም ዝም ብላ አልቆመችም። በ2021 የጀመረችው «ሚታይ» በብስክሌት እየዞረች ጣፋጭ የምትሸጥ ልጅ ናት፤ ከባሏ ፍቅር በፊት ሙያ ነበራት፤ የምትሸጠውም ማኖሃራ የሚባለውን የጃናይ ከተማ ጣፋጭ ነው። ጋብቻው እዚህም በድንገት ነው፤ ልጅቷ ግን የምታለቅስበት ሰዓት አጥሯል።

ወደ ዳካ እንመለስ፤ ወደ ዛሬው።

በ1990ዎቹ መጨረሻና በ2000ዎቹ መጀመሪያ በዳካ የግል ጣቢያዎች በረከቱ። ዳይሬክተሩ ሞስቶፋ ሳርዋር ፋሩኪና ጓደኞቹ ካሜራውን ከሳሎን አወጡት። ወንደላጤዎች ተጋርተው የሚኖሩበት አፓርታማ፣ ሞባይል ይዞ ሌሊቱን የሚያወራ ጎረምሳ፣ የመንገድ ቋንቋ። ቋንቋው ብዙ ሽማግሌዎችን አስቆጣ፤ በቴሌቪዥን እንዲህ አይነገርም አሉ። ወጣቱ ግን ራሱን ሰማ።

የዳካ ድራማ ትልቁ ገበያ ኢድ ነው። በኢድ ሰሞን ጣቢያዎቹ ሁሉ ለቀናት ልዩ ዝግጅት ያቀርባሉ፤ ዋናው ሸቀጥ በአንድ ቁጭታ የሚያልቅ አጭር ድራማ ነው፤ «ናቶክ» ይሉታል፤ አርባ ደቂቃ አካባቢ። በአርባ ደቂቃ ውስጥ ማጋባት አይቻልም፤ መለያየት ግን ይቻላል፤ ተመልካቹም እያለቀሰ ለጓደኛው ይልከዋል። በ2017 የወጣው የሚዛኑር ራህማን አርያን «ቦሮ ቼሌ»፣ «የበኩር ልጅ» ማለት ነው፣ ይህን ያረጋገጠ ሥራ ነው። አፑርባ የመካከለኛ ኑሮ ቤተሰብ የበኩር ልጅ ሆኖ ይጫወታል፤ ሥራ ፍለጋ ይንከራተታል፤ ቤቱ በሙሉ እሱን ያያል። መህዛቢን የምትጫወታት ልጅ የሀብታም ቤት ናት፤ ቤተሰቧ ሊድራት ነው። ክፉ ሰው የለም! አባቷ ጨካኝ አይደለም፣ አማት መርዝ አልቀመመችም፣ ማንም ደብዳቤ አልደበቀም። ልጁ ራሱ አስልቶ ይደርስበታል፤ የእህት የወንድሞቹ ነገር፣ የአባቱ ጡረታ፣ የሱ ባዶ ኪስ። ከዚያ ለመጨረሻ ጊዜ ተገናኝተው ይለያያሉ። ዩቲዩብ ላይ ሚሊዮኖች አዩት፤ ወዲያውም ብዙ ሰው ይህንኑ መልኩን ለውጦ ሠራው።

በኩር የሆናችሁ እጃችሁን አታውጡ፤ ፊታችሁ ላይ ይታያል።

ይሁን እንጂ ዩቲዩብም የራሱን ሒሳብ ይዞ መጣ። ድራማው የሚለካው በእይታ ሆነ፤ እይታ የሚያመጡ ጥቂት ፊቶች አሉ፤ የበጀቱ ትልቁ ክፍል ለነሱ ይሄዳል። የተረፈው ገንዘብ ለሌላ ተዋናይ አይበቃም። ውጤቱን አንጋፋ ተዋንያን ደጋግመው አማርረውበታል፤ ከድራማው ወላጅ ጠፋ! እናት በስልክ ትሰማለች፤ አባት በወሬ ይነሣል። ሁለት ወጣቶች አንድ ጣራ ላይ፣ አንድ ካፌ ውስጥ፣ አንድ ሪክሾ ላይ ብቻቸውን ቀሩ። ባከርና ሙና ያላገኙትን ክፍል እነዚህ አገኙት፤ የሰጣቸው ግን የገንዘብ እጥረት ነው። በኮልካታ ሳሎን ውስጥ ሃያ ዘመድ ተሰልፎ ፍቅራቸውን ያያል፤ በዳካ ናቶክ ውስጥ የሚከለክላቸው ዘመድ እንኳ የለም፤ ቢሆንም ይለያያሉ። የጥርስ ሳሙና አምራችም ሳይቀር አስታራቂ ሆኖ ገብቷል፤ ክሎዝአፕ ለፍቅረኞች ቀን ተመልካቾች የራሳቸውን የፍቅር ታሪክ እንዲልኩ ይጠራና የተመረጡትን ናቶክ ያሠራል። ጥርስ የሚታይበት ፍቅር ነውና አብዛኛው በመገናኘት ያልቃል።

ዳካዎቹን ከኛ ጋር የሚያገናኝ አንድ ነገር ልጨምር። በ2015 መጨረሻ ዲፕቶ ቲቪ የሚባል አዲስ የዳካ ጣቢያ የቱርኩን «ሱልጣን ሱለይማን» በቤንጋሊ ድምፅ አቀረበ፤ አገር ጉድ አለ። በ2016 መጨረሻ የባንግላዴሽ የቴሌቪዥን ባለሙያዎች በዳካ የሰማዕታት ሐውልት ሥር ተሰብስበው የተተረጎመ የውጭ ድራማ ይቁምልን አሉ። ይህ የሰማዕታት ሐውልት በ1952 ለቤንጋሊ ቋንቋ ሲሉ ለተገደሉ ሰዎች የቆመ ነው፤ ቦታውን ያለ ነገር አልመረጡትም። በዚያው 2016 የኛም የፊልምና የቴያትር ሰዎች ቃናን በመቃወም የተናገሩትን አስታውሱ። ቃሉ ሳይቀር ይመሳሰላል፤ እንጀራችን፣ ባህላችን፣ ልጆቻችን። ከሦስቱ እውነተኛው የመጀመሪያው ነበር፤ ለሱ ብቻ ቢከራከሩ ክርክሩ ይበልጥ ይጠና ነበር ባይ ነኝ።

ሪሞቱ ዛሬ የት ነው? ኪስ ውስጥ። የኮልካታው ሆይቾይ በ2017፣ የዳካው ቾርኪ በ2021 በክፍያ የሚታዩ የስልክ መድረኮች ሆነው ተከፈቱ። ልጅቷ የጆሮ ማዳመጫዋን አድርጋ አልጋዋ ላይ ብቻዋን ታያለች፤ አባት አጠገቧ የለም፣ አማትም የለችም። ስለዚህ እዚያ ያሉት ወጣቶች ይሳሳማሉ፣ አብረው ይኖራሉ፣ ይፋታሉ። ድፍረቱ መጥቷል። እኔ ግን እስካሁን የታዘብኩት፣ እነዚህ ድራማዎች ፍቅርን ትተው ወደ ግድያ ምርመራ መሮጥ እንደሚወዱ ነው፤ ማንም የማይከለክለውን ፍቅር ምን እንደሚያደርጉበት ገና የጨነቃቸው ይመስላል።

ጥያቄ ከመጀመራችን በፊት፣ «ከየት እንጀምር?» የሚለውን አስቀድሜ ልመልስ፤ ሁልጊዜ የሚመጣ ነውና። «ቦሮ ቼሌ»ን በአንድ ምሽት ትጨርሱታላችሁ። ከወደዳችሁት ወደ ባከርና ሙና ሂዱ፤ ምስሉ ደብዛዛ ነው፣ ታገሡት። የኮልካታውን ሲሪያል ግን ብቻችሁን አትዩት፤ አብራችሁ የምትሟገቱት እናት ወይም አክስት ፈልጉና ከሠርጉ ክፍል ጀምሩ። በሉ፣ ማይኩ ወደ እናንተ ይምጣ፤ ከኋላ ያሉት ይቅደሙ።